ኮተን፦ የድሬዳዋው የፋብሪካ ቡድን

ኮተን በድሬዳዋ የጥጥ ፋብሪካ ሥር የተቋቋመ፣ የኢትዮጵያን ብሔራዊ ሻምፒዮና አምስት ጊዜ ያሸነፈ፣ ዛሬ ግን የሌለ የእግር ኳስ ክለብ ነው። ዋንጫውን በ1952፣ በ1954፣ በ1955 እና በ1957 ዓ.ም. ወሰደ። ከዚያ በኋላ ለ18 ዓመታት ርቆት ቆይቶ በ1975 ዓ.ም. አንድ ጊዜ ደገመው። በብሔራዊ ዋንጫ ብዛት ከቅዱስ ጊዮርጊስና ከመቻል በስተቀር የሚበልጠው የለም። መብራት ኃይል ሦስት ጊዜ፣ ኢትዮጵያ ቡናና ሐዋሳ ከተማ ደግሞ ሁለት ሁለት ጊዜ ነው ያሸነፉት። የእነዚህ ክለቦች ስም በየሳምንቱ በሬዲዮ ይጠራል፣ ታሪካቸውንም ደጋፊዎቻቸው ለልጆቻቸው ይነግራሉ። የኮተንን የሚነግርለት ደጋፊ ግን የለም፤ ክለቡ ሲጠፋ ታሪኩን የሚረከበው አካል አልተገኘም።

ኮተን የድሬዳዋ ቡድን መሆኑ አጋጣሚ አይደለም። ድሬዳዋ የባቡር ከተማ ናት። ከጅቡቲ የተነሣው ሐዲድ የሐረርን ተራራ መውጣት ስላልቻለ በ1895 ዓ.ም. ከተራራው ግርጌ ባለው ሜዳ ላይ ቆመ፤ ከተማዋም እዚያው ተቆረቆረች። ባቡሩ አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ነው። እስከዚያ ድረስ ከባሕር ማዶ የመጣ ዕቃ የሚራገፈው፣ ቡናውና ቆዳውም ወደ ወደቡ የሚጫነው ድሬዳዋ ላይ ነበር። ከተማዋን የደቻቱ ወንዝ ለሁለት ይከፍላታል። በአንዱ በኩል ቀጥ ባሉ መንገዶቹና በዛፎቹ ጥላ የሚታወቀው የባቡር ኩባንያው ሠፈር ከዚራ፣ በሌላው በኩል ገበያው ያለበት መጋላ ይገኛል። ከሶማሌው፣ ከኦሮሞው፣ ከሐረሪውና ከመሀል አገር ከመጣው ሰው ጋር ፈረንሣዩ፣ ግሪኩ፣ አርመኑ፣ ሕንዱ፣ ዓረቡና ጣሊያኑ በአንድ ከተማ ይኖሩ ነበር። ከባሕር ማዶ የሚመጣ ነገር ሁሉ፣ እግር ኳስም ጭምር፣ ወደ አገር ውስጥ ለመግባት ከዚህ የተሻለ በር አልነበረውም።

ከባቡሩ ቀጥሎ ፋብሪካዎቹ መጡ። በጣሊያን ወረራ ዘመን በድሬዳዋ ሁለት ትላልቅ ኢንዱስትሪዎች ተተከሉ፤ አንዱ የሲሚንቶ ፋብሪካው ነው። ሌላው በ1931 ዓ.ም. ገደማ የተቋቋመው የጥጥ ፋብሪካ ሲሆን፣ ጥጥ እየፈተለና እየሸመነ ክርና አቡጀዲ የሚያወጣ ነበር። ከነፃነት በኋላ ሁለቱም ሥራቸውን ቀጠሉ። በአገሪቱ ደመወዝተኛ የሚባለው ሰው ገና ጥቂት በነበረበት ዘመን፣ በአንድ ግቢ ውስጥ ብዙ ሠራተኛ ሰብስቦ በፈረቃ የሚያሠራ ድርጅት ራሱን የቻለ መንደር ያህል ነበር። ሠራተኛው አብሮ ይገባል፣ አብሮ ይወጣል፤ በአንድ ሠፈር ይኖራል፣ በአንድ ቀን ደመወዝ ይቀበላል። ከእንዲህ ያለ ማኅበራዊ ኑሮ የእግር ኳስ ቡድን መወለዱ የሚያስገርም አይደለም።

የዘመኑ ተጫዋች በወረቀት ላይ አማተር ነበር። ለመጫወት ብቻ የሚከፈለው ደመወዝ፣ የሚፈርመው ውል፣ የሚሸጥበት ዋጋ አልነበረም። የሚኖረው በሥራው ነው። ፋብሪካ ያለው ቡድን ከሌለው የሚለየውም በዚሁ ላይ ነበር፤ ጥሩ ኳስ የሚችል ወጣት ሲገኝ የሚሰጠው ቋሚ ሥራ አለው። ከኤርትራም ሆነ ከአዲስ አበባ ጎበዝ ተጫዋች ለማምጣት፣ የመጣውንም ለማቆየት ከዚህ የበለጠ ማባበያ አልነበረም። ማሊያና ጫማ የሚገዛ፣ የባቡር ቲኬት የሚቆርጥ፣ ተጫዋቹ ለጨዋታ ሲሄድ ከሥራ የሚያስፈቅድ አሠሪ ከኋላ መኖሩ ብቻውን ትልቅ ብልጫ ነው። በዛሬ ዓይን ሲታይ ይህ ፕሮፌሽናልነት ሊባል አይችልም፤ ነገር ግን የኢትዮጵያ እግር ኳስ ወደ ደመወዝተኛ ተጫዋች የተጓዘበት የመጀመሪያው መንገድ ይህ ነው።

ኮተን የገባበት ብሔራዊ ሻምፒዮና የተጀመረው በ1936 ዓ.ም. ነው። በመጀመሪያው ውድድር የተካፈሉት አምስት ቡድኖች ብቻ ነበሩ። ከእነርሱ ውስጥ የኢትዮጵያውያኑ ቅዱስ ጊዮርጊስ ብቻ ሲሆን፣ ሌሎቹ በአዲስ አበባ የነበሩ የውጭ ዜጎች ያቋቋሟቸው ናቸው፤ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሊምፒያኮስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ እና የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን። ዋንጫውን የወሰዱት እንግሊዞቹ ነበሩ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ውድድሩ ሲቀጥል የጦሩ ቡድን መቻል ገንኖ ወጣ። በ1945 ዓ.ም. ኤርትራ በፌዴሬሽን ከኢትዮጵያ ጋር ስትቀላቀል ደግሞ የእግር ኳሱ ሚዛን ወደ ሰሜን አዘነበለ። በአስመራ እግር ኳስ በጣሊያን ዘመን ሥር ሰዶ ስለነበር፣ ከኤርትራ የመጡት ቡድኖች ለመሀል አገሩ ከባድ ሆኑበት። ሐማሴን በ1947 እና በ1949፣ አከለ ጉዛይ በ1950፣ የአስመራው ቴሌ በ1951 ዋንጫውን ወሰዱ። በዚህ መሀል ዋንጫው ወደ አዲስ አበባ የተመለሰው በ1948 በመቻል እጅ ብቻ ነበር።

የአስመራን የበላይነት ያቆሙት የአዲስ አበባ ቡድኖች አልነበሩም። ያቆመው ድሬዳዋ ነው። በ1952 ኮተን የመጀመሪያውን ዋንጫ አነሣ። በ1953 የዚያው ከተማ ሁለተኛ የፋብሪካ ቡድን ኢትዮ ሲሚንቶ ወሰደው። በ1954 እና በ1955 ኮተን ተመለሰበት፤ በ1956 ሲሚንቶ፣ በ1957 ደግሞ እንደገና ኮተን። ለስድስት ተከታታይ ዓመታት የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ከድሬዳዋ አልወጣም። በአገሪቱ የእግር ኳስ ታሪክ ከዋና ከተማዋ ውጭ ያለ አንድ ከተማ፣ ያውም በሁለት ቡድኖች፣ ይህን ያህል ዘመን ዋንጫውን በእጁ ያቆየበት ሌላ ጊዜ የለም። በዚያ ዘመን አዲስ አበባ ቤተ መንግሥቱም፣ ጦሩም፣ ትልቁ ስታዲየምም የነበራት ከተማ መሆኗን ላሰበ የድሬዎቹ ውጤት ምን ያህል እንደሚከብድ ይገባዋል።

የሁለቱ ፋብሪካዎች ፉክክር ለዚህ ውጤት ዋና ምክንያት መሆን አለበት። በአንድ ከተማ ውስጥ ሁለት የሚተካከሉ ቡድኖች ሲኖሩ አንዱ ሌላውን እንዲተኛ አይፈቅድለትም። ብሔራዊ ውድድር ላይ ከሩቅ የመጣ ተጋጣሚ ከመግጠማቸው በፊት በየጊዜው በሠፈራቸው ሜዳ የሚፈተኑት ከአገሪቱ ጠንካራ ቡድን ጋር ነበር። የጥጡና የሲሚንቶው ሠራተኛ በአንድ ገበያ ይገናኛል፣ በአንድ ሻይ ቤት ይቀመጣል፤ የሽንፈትም የድልም ወሬ ከሜዳ ወጥቶ እስከ ሥራ ቦታ ይከተለዋል። ድሬዳዋ ዛሬም ሞቅ ባለ የኳስ ፍቅሯ ትታወቃለች።

ከኮተን ተጫዋቾች ሁሉ ስሙ የገነነው ሉቺያኖ ቫሳሎ ነው። እ.ኤ.አ. በ1935 በአስመራ ከኤርትራዊት እናትና ከጣሊያናዊ አባት ተወለደ፤ ኳስንም በአስመራ ሜዳዎች ተማረ። በአማካይ ቦታ የሚጫወት፣ ጨዋታ የሚያቀናጅ፣ በሁለቱም እግሩ የሚመታ፣ ከሩቅም ከቅርብም ጎል የሚያገባ ሰው ነበር። የብሔራዊ ቡድኑ አምበል ሆኖ ኢትዮጵያ በእግር ኳስ ታሪኳ ከሁሉ በላይ የምታስታውሰውን ቀን የመራው እርሱ ነው።

ያ ቀን ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ነው። ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በአዲስ አበባ ተካሄደ፤ የተካፈሉት ኢትዮጵያ፣ ቱኒዚያ፣ ኡጋንዳና የተባበሩት ዓረብ ሪፐብሊክ በሚል ስም የቀረበችው ግብፅ ነበሩ። ኢትዮጵያ በግማሽ ፍጻሜው ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸንፋ ለፍጻሜ አለፈች። የሚጠብቃት የመጀመሪያዎቹን ሁለት ዋንጫዎች ያነሣው የግብፅ ቡድን ነው። ግብፆቹ በባደዊ ጎል መሩ። ከዕረፍት በኋላ ግርማ ተክሌ አቻ ሲያደርግ ስታዲየሙ ደስታውን ሳይጨርስ ባደዊ በደቂቃ ልዩነት እንደገና አገባ። ጨዋታው ሊያልቅ ስድስት ደቂቃ ያህል ሲቀረው ሉቺያኖ ቫሳሎ ሁለተኛውን የአቻ ጎል አስቆጠረ። በጭማሪው ሰዓት ታናሽ ወንድሙ ኢታሎ ቫሳሎ ሦስተኛውን፣ የቅዱስ ጊዮርጊሱ መንግሥቱ ወርቁ ደግሞ አራተኛውን አገቡ። ውጤቱ 4 ለ 2 ሆነ። ሉቺያኖ ዋንጫውን ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እጅ ተቀበለ። ኢትዮጵያ ከዚያ ወዲህ የአፍሪካን ዋንጫ አላነሣችም።

ይህ ድል ብዙ ጊዜ የሚነገረው የይድነቃቸው ተሰማና የመንግሥቱ ወርቁ ታሪክ ሆኖ ነው። ይገባቸዋልም፤ ይድነቃቸው ብሔራዊ ቡድኑን ከዩጎዝላቪያዊው ስላቭኮ ሚሎሼቪች ጋር አሠልጥኗል፣ ኋላም ከ1964 ዓ.ም. ጀምሮ እስከ ዕለተ ሞቱ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንን መርቷል። ነገር ግን አገሪቱ አፍሪካን ባሸነፈችበት በ1954 ዓ.ም. የአገሪቱ ሻምፒዮን ኮተን እንደነበረ፣ ዋንጫውን ከፍ ያደረገው አምበልም በድሬዳዋው የጥጥ ፋብሪካ ማሊያ የሚታወቅ ተጫዋች እንደነበረ አብሮ ሊነገር ይገባል። ሉቺያኖ በኋላ ወደ አሠልጣኝነት ገባ። በደርግ ዘመን አገሩን ጥሎ ወጣ፤ እ.ኤ.አ. በ2022 በጣሊያን አረፈ።

የኮተን ሁለተኛው የአህጉር መድረክ አክራ ነው። የአፍሪካ ክለቦች ሻምፒዮና ለመጀመሪያ ጊዜ የተካሄደው እ.ኤ.አ. በ1964 እና በ1965 ሲሆን፣ ማጣሪያውን አልፈው በጋና ዋና ከተማ ለመጨረሻው ዙር የተሰባሰቡት አራት ክለቦች ብቻ ነበሩ፤ የካሜሩኑ ኦሪክስ ዱዋላ፣ የማሊው ስታድ ማሊየን፣ የጋናው ሪያል ሪፐብሊካንስ እና የኢትዮጵያው ኮተን። ኮተን በግማሽ ፍጻሜው በስታድ ማሊየን 3 ለ 1 ተሸንፎ ቀረ። ዋንጫውን ኦሪክስ ስታድ ማሊየንን 2 ለ 1 አሸንፎ ወሰደው። ከዚያ ወዲህ በነበሩት አሥርት ዓመታት የኢትዮጵያ ክለቦች በዚህ ውድድር ላይ ያደረጉትን ጉዞ ላየ፣ በመጀመሪያው ዓመት ከአራቱ አንዱ መሆን ምን ማለት እንደሆነ ግልጽ ነው።

በአክራ ኮተን አጠገብ የነበረው ሪያል ሪፐብሊካንስም ሊጠቀስ ይገባዋል። ክለቡን የጋናው ፕሬዚዳንት ክዋሜ ንክሩማ መንግሥት ነበር ያቋቋመው፤ ከየክለቡ ምርጥ ተጫዋቾችን እየመለመሉ ለአገሪቱ የሚያኮራ አንድ ቡድን አደረጉት። በ1958 ዓ.ም. የካቲት ወር ንክሩማ በመፈንቅለ መንግሥት ሲወርድ ክለቡም አብሮት ፈረሰ። የፈጠረው መንግሥት ሲነሣ ተነሣ፣ ሲወድቅ ወደቀ። ኮተንን የያዘው ፋብሪካ ነበርና መጥፊያው ዘገየ እንጂ አወዳደቁ ከዚህ የተለየ አልሆነም።

ከ1957 በኋላ የድሬዳዋ ዘመን አበቃ። ከ1958 እስከ 1960 ቅዱስ ጊዮርጊስ ሦስት ጊዜ በተከታታይ አሸነፈ፤ በ1961 እና በ1962 ቴሌ፣ በ1964 እና በ1965 አስመራ ዋንጫውን ወደ ሰሜን መለሱት። ኮተን በየዓመቱ ቡድን እያዘጋጀ ቢቀጥልም የበፊቱን ጉልበት አላገኘም። በ1967 ዓ.ም. መጀመሪያ አጋማሽ ደርግ ትላልቅ የግል ኢንዱስትሪዎችን ሲወርስ የጥጥ ፋብሪካውም የመንግሥት ሆነ። ከሁለት ዓመት በኋላ ደግሞ ጦርነት ደጃፍ ደረሰ፤ በነሐሴ 1969 ዓ.ም. የሶማሊያ ጦር እስከ ድሬዳዋ ዘልቆ ከተማዋን ሊይዝ ሞከረ፣ ተገፍቶም ተመለሰ። በእንዲህ ያለ ጊዜ ሜዳው ለኳስ፣ ባቡሩም ለተጫዋች መጓጓዣ ይሆናል ተብሎ አይጠበቅም።

አብዮቱ የስፖርቱን አደረጃጀትም ለወጠው። የቆዩ ክለቦች ስማቸውን ለቀቁ፣ በየመሥሪያ ቤቱና በየፋብሪካው አዲስ ስም ይዘው እንዲደራጁ ተደረገ። ቅዱስ ጊዮርጊስ እንኳ ለዓመታት የተጫወተው በቢራ ፋብሪካ ስም ነው። ስሙን መልሶ ያገኘው ደርግ ሲወድቅ ነው፤ ደጋፊው በልቡ ስሙን አልለወጠውምና ማሊያው ሲመለስ ክለቡ ያው ክለብ ሆኖ ቀጠለ። የኮተን ጉዳይ ግን ተቃራኒ ነበር። አዲሱ ሥርዓት የፋብሪካ ቡድንን የሚደግፍ ስለነበር ክለቡ በዚያ ዘመን መኖር አላቃተውም፤ በ1975 ዓ.ም. ከ18 ዓመት በኋላ አምስተኛውን ዋንጫ ያነሣው በዚሁ ሥርዓት ውስጥ ነው። ከስድስቱ የወርቅ ዓመታት በኋላ የተወለዱ ልጆች ቡድኑን ሻምፒዮን ሆኖ ያዩት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

ከ1975 በኋላ ኮተን ወደ ላይ አልወጣም። በ1980ዎቹ የኢኮኖሚው ሥርዓት ሲለወጥ የመንግሥት ፋብሪካዎች ትርፍና ኪሳራቸውን ራሳቸው እንዲሸከሙ ተደረገ። አሮጌ ማሽን፣ ከውጭ የሚገባ ርካሽ ልብስና ልባሽ ጨርቅ የአገር ውስጥ ጨርቃ ጨርቅን አደከሙት። ለሠራተኛው በሙሉ ለመክፈል የሚቸገር ድርጅት ለኳስ ቡድን የሚመድበው በጀት አይተርፈውም። የድሬዳዋው ፋብሪካ ውሎ አድሮ ሥራ ሲያቆም ለክለቡ የሚቆምለት ሌላ ባለቤት አልነበረም። ደጋፊዎቹ አባልነት ያልነበራቸው ተመልካቾች ናቸው፤ ክለቡ የሚያስገባው የራሱ ገቢ፣ በስሙ የተመዘገበ ሜዳ፣ የሚከራይ ሕንፃ አልነበረውም። የነበረው የፋብሪካው መዝገብ ውስጥ ያለ የወጪ ርዕስ ነው፤ ያ መዝገብ ሲዘጋ አብሮ ተዘጋ።

የኮተን አወዳደቅ የብቻው አይደለም። በ1953 እና በ1956 ያሸነፈው ኢትዮ ሲሚንቶ ከብሔራዊው መድረክ ከጠፋ ቆይቷል። የአስመራዎቹ ሐማሴን፣ ቴሌና አስመራ ኤርትራ ነፃ ከወጣች በኋላ የሌላ አገር የእግር ኳስ ታሪክ ሆነዋል፣ ምንም እንኳ ዋንጫቸው በኢትዮጵያ ሰንጠረዥ ላይ ቢቀመጥም። በቅርቡም ይኸው ነገር ቀጥሏል። በ2005 ዓ.ም. ሻምፒዮን የነበረው ደደቢት በ2011 ከፕሪሚየር ሊጉ ወርዶ ከትልቁ መድረክ ጠፋ። ከአማራ ክልል የሚጠቀሰው ምሳሌ የጎንደሩ ዳሽን ቢራ ነው። በቢራ ፋብሪካው በጀት ይንቀሳቀስ የነበረው ይህ ክለብ ፕሪሚየር ሊግ ገብቶ ለጥቂት ዓመታት ከተጫወተ በኋላ በ2008 መጨረሻ ወረደ፣ ብዙ ሳይቆይም ፈረሰ። በዚያው ዓመት ወደ ሊጉ ያደገው በ1960 ዓ.ም. የተመሠረተው የከተማው ቡድን ፋሲል ከነማ ነበር፤ ፋሲል በ2013 ዓ.ም. የአገሪቱ ሻምፒዮን ሆነ። ጎንደር አንዱን ክለብ አጥታ በሌላው ዋንጫ አገኘች። ድሬዳዋ ግን እስከ አሁን ይህን ዕድል አላገኘችም።

የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ታሪክ ደግሞ ነገሩ ከሌላ አቅጣጫ ሲታይ ምን እንደሚመስል ያሳያል። የባንኩ የወንዶች ቡድን በ2009 ዓ.ም. ከሊጉ ሲወርድ እንዲፈርስ ተደረገ፤ የሴቶቹ ግን ቀጥሎ በአህጉር ደረጃ ጭምር ተወዳደረ። ከዓመታት በኋላ ባንኩ የወንዶቹን ቡድን እንደገና አቋቁሞ ወደ ፕሪሚየር ሊጉ በተመለሰበት በ2016 ዓ.ም. ሻምፒዮን ሆነ። አንድ ድርጅት ሲፈልግ ቡድን ያፈርሳል፣ ሲፈልግ ያቋቁማል፣ ገንዘብ ካለው በአንድ ዓመት ዋንጫ ያነሣል። በዚህ ሁሉ ውስጥ ውሳኔው የደጋፊው አይደለም፤ የተጫዋቾቹም አይደለም።

በሌላው ዓለም ከፋብሪካ የተወለዱ ክለቦች ጥቂት አይደሉም፤ ነገር ግን ብዙዎቹ ከወላጃቸው በላይ ኖረዋል። የለንደኑ ዌስት ሃም ዩናይትድ እ.ኤ.አ. በ1895 በቴምዝ ወንዝ ዳር ባለ የመርከብ መሥሪያ ሠራተኞች የተቋቋመ ነበር። በ1900 ከመርከብ መሥሪያው ተለይቶ ራሱን የቻለ ድርጅት ሆነ፤ መርከብ መሥሪያው በ1912 ሲዘጋ ክለቡ ምንም አልሆነም። የሆላንዱ ፒ ኤስ ቪ አይንድሆቨን የፊሊፕስ ሠራተኞች ማኅበር፣ የጀርመኑ ባየር ሌቨርኩሰንም የመድኃኒት ፋብሪካው ሠራተኞች ቡድን ሆነው ነው የተጀመሩት፤ ሁለቱም የድርጅቶቻቸውን ስም ተሸክመው እስከ ዛሬ ይጫወታሉ። ልዩነቱ የገንዘብ ብቻ አይደለም። ዌስት ሃም ከመርከብ መሥሪያው ሲለያይ የራሱ አክሲዮንና የራሱ መግቢያ ገቢ ነበረው። ኮተን ይህን ለማድረግ የሚያስችል ሕግም፣ ልማድም፣ ጊዜም አላገኘም።

በሙሉ ትርጉሙ ፕሮፌሽናል የሆኑ፣ ግን ከኮተን በባሰ ፍጥነት የጠፉ ቡድኖችም አሉ። በአሜሪካ የቤት ውስጥ እግር ኳስ ሊግ የተጀመረው እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1978 ነበር። ጨዋታው የሚካሄደው በበረዶ ሆኪ አዳራሽ ነው፤ በበረዶው ምትክ ሰው ሠራሽ ሣር ይነጠፋል፣ ዙሪያውን ያለው የእንጨት ግድግዳ ባለበት ይቀራል። ግብ ጠባቂውን ጨምሮ በየወገኑ ስድስት ስድስት ሰው ይገባል። ኳሱ ግድግዳው ላይ ሲመታ ወጣ አይባልም፣ ተመልሶ ጨዋታው ይቀጥላል። ተጫዋች በጨዋታው መሀል ያለ ገደብ ይቀያየራል፣ ጎልም ይዘንባል። ኳስ በሣር ሜዳ ላይ በእግር የመግፋት ትዕግሥት የሌለውን የአሜሪካ ተመልካች ለመሳብ የታቀደ ነበር።

ሊጉን የጀመሩት ስድስት ቡድኖች ነበሩ። ከእነርሱ የገነነው ኒው ዮርክ አሮውስ የመጀመሪያዎቹን አራት ሻምፒዮናዎች አንድ በአንድ ወሰደ። ኮከቡ ከዩጎዝላቪያው ሃይዱክ ስፕሊት የመጣው ስቲቭ ዙንጉል ሲሆን፣ በዚህ ጨዋታ ታሪክ ከእርሱ የሚስተካከል አጥቂ ማግኘት ይከብዳል። ባለቤቶቹ ግን ኪሳራውን መሸከም አልቻሉም። በ1983 ዙንጉልን ለቀቁ፣ በ1984 ቡድኑ ፈረሰ። ሲንሲናቲ ኪድስ የሚባለው ከአንድ የውድድር ዘመን በላይ አልቆየም። ሂዩስተን ሰሚት ወደ ባልቲሞር ተዛውሮ ስሙን ቀየረ። በ1992 ሊጉ ራሱ ተዘጋ። በዚያ አገር ክለብ የሚባለው ባለቤቱ የሚገዛው፣ ከከተማ ከተማ የሚያዛውረው የንግድ ፈቃድ ነው፤ አራት ዋንጫ በመደዳ ማንሣትም ከመዘጋት አያድንም። ኮተንን ያጠፋው የገንዘብ ድህነት ነው የሚል አስተያየት ከዚህ አንጻር ሲመዘን ጎደሎ ይሆናል፤ ገንዘብ በሞላበት አገርም ያለ አባላት የቆመ ቡድን ባለቤቱ ሲደክም ይወድቃል።

በአንጻሩ አባላቱ ያቆሙት ነገር ምን ያህል እንደሚቆይ ለማየት በአማራ ክልል ያለውን የአዊን ምሳሌ መመልከት ይበቃል። የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተ ሲሆን፣ በየዓመቱ ጥር 23 ቀን በእንጅባራ የሚያከብረው በዓል ከዳንግላም፣ ከባንጃም፣ ከአንከሻም፣ ከሌሎቹም ወረዳዎች ፈረሰኛውን ያሰባስባል። በ2012 ዓ.ም. 80ኛ ዓመቱን አክብሯል። ይህ ማኅበር ንጉሣዊውን ሥርዓትም፣ ደርግንም፣ ከዚያ በኋላ የመጣውንም አልፏል። ፈረሱ የፈረሰኛው ነው፣ ልብሱና ኮርቻው የፈረሰኛው ነው፤ አንድ ድርጅት ቢዘጋ ወይም አንድ ሥራ አስኪያጅ ቢቀየር ማኅበሩ የሚቆምበት ምክንያት የለም። የዘመኑ ሰው ከፈረስ ጉግስ ይልቅ ኳስ የሚከተል ቢሆንም፣ በአዊ ከተሞች ያሉ የኳስ ቡድኖች ይህን የመሰለ የአባልነት መሠረት እምብዛም አላገኙም። በኢትዮጵያ ያሉ ትናንሽና ትላልቅ ክለቦች አብዛኞቹ ዛሬ የሚተዳደሩት በከተማ አስተዳደር በጀት ነው፤ በስማቸው መጨረሻ ላይ የሚቀመጠው «ከተማ» ወይም «ከነማ» የሚያመለክተው ይህንኑ ነው። የፋብሪካው ቦታ ላይ ማዘጋጃ ቤቱ ገብቷል። ማዘጋጃ ቤቱ ከፋብሪካው የሚሻለው ከተማ እንደ ፋብሪካ የማይዘጋ በመሆኑ ነው፤ በጀት ግን የሚጸድቀው በየዓመቱ ነው፣ ሊቀነስም ሊዘገይም ይችላል። ደመወዛቸው ለወራት የሚዘገይባቸው ተጫዋቾች አቤቱታ በየውድድር ዘመኑ መሰማቱ ከዚህ ጋር የተያያዘ ነው።

በድሬዳዋ የኮተንን ቦታ የያዘው ይህ ዓይነት ክለብ ነው። ድሬዳዋ ከተማ በ2008 ዓ.ም. ወደ ፕሪሚየር ሊጉ ገብቶ የምሥራቁን ስም መልሶ አስጠርቷል። ከተማዋም የሊጉን ጨዋታዎች በተራ ከሚያስተናግዱት ከተሞች አንዷ ሆናለች፤ በ2013 ዓ.ም. ውድድሩ በአዲስ አበባ፣ በጅማ፣ በባሕር ዳር፣ በድሬዳዋና በሐዋሳ እየተዘዋወረ ሲካሄድ ከየከተማው የመጡ ቡድኖች በድሬዳዋ ስታዲየም ተጫውተዋል። ክለቡ የኮተን ወራሽ ተደርጎ አይቆጠርም፤ የኮተን አምስት ዋንጫዎችም ሆኑ የኢትዮ ሲሚንቶ ሁለቱ በእርሱ ስም አልተመዘገቡም። በብሔራዊው የሻምፒዮኖች ዝርዝር ላይ ከድሬዳዋ የተገኙት ሰባት ዋንጫዎች ዛሬም የተቀመጡት በሁለቱ ፋብሪካዎች ስም ነው።